የጥልፍ ፕሮግራሜ ቁልፍ አዲሱ ላፕቶፕ ላይ አልበራ አለ

ጦሳ ሥር | ታኅሣሥ 4፣ 2018፣ ምሽት 2:40

ሰላም ለዚህ ቤት ሰዎች። እስከ ዛሬ ከማንበብ በቀር ጽፌ አላውቅም። ዛሬ ግን ጨንቆኛል።

ደሴ ፒያሳ አካባቢ ትንሽ የጥልፍ ቤት አለን። የጀመረው አባቴ ነው። እሱ ካረፈ ወዲህ እኔና እናቴ ነን የምንሠራው። ባለ አንድ ራስ የኮምፒውተር ጥልፍ ማሽን አለን። ዲዛይን የምንሠራበት ፕሮግራም ደግሞ አንድ አሮጌ ዴስክቶፕ ላይ ነበር፣ የድሮው ዊንዶውስ ኤክስፒ። ፕሮግራሙ ያለ ዶንግሉ፣ ዩኤስቢ ላይ ከምትሰካው ትንሽ ዕቃ፣ አይከፈትም። አባቴ ሲዲውንም ዶንግሉንም በገንዘቡ ነው የገዛው፤ ደረሰኙ እስካሁን ቁም ሳጥን ውስጥ አለ።

ባለፈው ሳምንት መብራት ሄዶ ሲመለስ ዴስክቶፑ ጭጭ አለ። አንድ ባለሙያ ከፍቶ አየውና «ማዘርቦርዱ ሄዷል፣ ካፓሲተሮቹ አብጠዋል፣ ይሄን ሙዚየም ስጪው» አለኝ። ተበድሬ ላፕቶፕ ገዛሁ፤ ዊንዶውስ 11። ሲዲ ማስገቢያ እንኳ የለውም። ሲዲውን በጎረቤት ኮምፒውተር ወደ ፍላሽ ገልብጬ ጫንኩት። ጫነ። ዶንግሉን ስሰካ ግን መብራቱ አይበራም። ፕሮግራሙም «ቁልፍ አልተገኘም» ይልና ይዘጋል።

ዘንድሮ ደግሞ ዐቢይ ጾምም ረመዳንም የካቲት ላይ በአንድ ሳምንት ነው የሚገቡት። የክርስቲያኑም የሙስሊሙም ሰርግ ጥር ላይ ተከምሯል። የ11 ሚዜ ቀሚስ ቀብድ በልቻለሁ። ምን ላድርግ?

ሐይቅ ዳር | ታኅሣሥ 4፣ ምሽት 2:52

እህቴ፣ ሲሙን አውጥተሽ ስልክ ላይ ሞክሪው። ሒሳብ አለው? የኔም እንደዛ ሆኖ ካርድ ስሞላበት ነው የሠራው።

ጦሳ ሥር | ታኅሣሥ 4፣ ምሽት 2:55

ወንድሜ፣ ይሄኛው የኢንተርኔቱ ዶንግል አይደለም። ሲም የለውም። ፕሮግራሙን የሚከፍት ነው።

ሐይቅ ዳር | ታኅሣሥ 4፣ ምሽት 2:58

አፉ በይኝ። ለኔ ዶንግል ያው ዶንግል ነው።

ሰኞ ገበያ | ታኅሣሥ 4፣ ምሽት 3:30

አብሽሪ፣ መፍትሔ አለው። ስሙ እያሳሳተ ስለሆነ ከዚህ በኋላ ቁልፍ እንበለው።

እዚሁ ደሴ ኮምፒውተር እጠግናለሁ። እንዲህ ያለ ነገር ይዘው የሚመጡ ብዙ ናቸው፤ የጥልፍ፣ የሰርቬይ፣ የማኅተም መቅረጫ። ሁሉም አዲስ ኮምፒውተር ከገዙ በኋላ ነው የሚመጡት። ይሄ ነው የሚያናድደኝ። በገንዘብ የገዛችሁት ቁልፉን ነው። ሲዲው ቢጠፋ ሌላ ቅጂ ይገኛል። ቁልፉ ከጠፋ ግን አብዛኛው ሻጭ «ፕሮግራሙን እንደገና ግዙ» ነው የሚላችሁ።

አሁን ሦስት ነገር ንገሪኝ። የአሮጌው ሃርድ ዲስክ የት ነው? ቁልፉ ምን ይመስላል? ደግሞ ቁልፉን ላፕቶፑ ላይ እንደተሰካ ተይውና ዲቫይስ ማናጀር ክፈቺ። ቢጫ ቃለ አጋኖ ያለበትን በቀኝ ተጫኚ፣ ፕሮፐርቲስ፣ ዲቴይልስ፣ ሃርድዌር አይዲ። እዚያ «ቪአይዲ» ከሚለው ቀጥሎ ያለውን አራት ፊደልና ቁጥር ጻፊልኝ። 0529 ከሆነ የአላዲን ሃስፕ ነው። 04ቢ9 ከሆነ የሬይንቦ ሴንቲኔል። 064ኤፍ ከሆነ የጀርመኑ ዊቡ። ላዩ ላይ የተጻፈው ቢፋቅም ይሄ አይፋቅም።

ሃርድ ዲስኩን ግን አደራ። ማንም «ላጽዳልሽ» ብሎ እንዳይነካው።

ጦሳ ሥር | ታኅሣሥ 5፣ ጠዋት 4:10

0529 ነው!

ሐምራዊ ነው፣ አውራ ጣት የምታህል። ቀዳዳው ላይ አባቴ ቀይ የጥልፍ ክር አስሮበታል። በ2014ቱ ጦርነት ከደሴ ስንወጣ እናቴ ይቺን ቁልፍ መቀነቷ ውስጥ ቋጥራ ነው የሄደችው። ገንዘቡን ረስታ እሷን ይዛ! ስንመለስ ሱቁ ተዘርፏል። ሞኒተሩን ወስደዋል፣ ሳጥኑን ግን ንቀው ትተውታል። ማሽኑም ከብዷቸው ነው መሰል ቀርቷል። ቁልፏ እንጀራችን መሆኗን እናቴ ከኔ በፊት ነው የገባት።

ሃርድ ዲስኩን ስላልከኝ ጠዋት ወደዚያ ባለሙያ ሮጥኩ። ከሌላ ሰው ኮምፒውተር ጋር ገጥሞት ሊፎርማት እያዘጋጀ ደረስኩ። «አይሠራም ብለሽ የተውሽው መስሎኝ» አለኝ። ነጥቄው መጣሁ። አሁን ፎጣ ተጠቅልሎ መሳቢያ ውስጥ ነው።

ሰኞ ገበያ | ታኅሣሥ 5፣ ጠዋት 4:25

አልሐምዱሊላህ በይ። እናትሽን ሳሚልኝ።

አሁን ለምን እንዳልበራ ልንገርሽ። ፕሮግራሙ ቁልፉን በቀጥታ አያናግረውም። መሐል ሆኖ የሚያነጋግራቸው ድራይቨር የሚባል ትንሽ ፕሮግራም አለ። በሲዲሽ ያለው ድራይቨር ለ32 ቢት የተጻፈ ነው። ባለ 64 ቢት ዊንዶውስ የ32 ቢት ፕሮግራም ያስኬዳል፣ የ32 ቢት ድራይቨር ግን አይቀበልም። በዚያ ላይ ፊርማ የሌለውን ድራይቨር በር ላይ ይመልሰዋል። ዊንዶውስ 11 ደግሞ ከነጭራሹ ባለ 32 ቢት የለውም። የመጨረሻው ባለ 32 ቢት 10 ነበር፤ የሱም ድጋፍ ጥቅምት 4፣ 2018 ቆሟል።

ስለዚህ አዲስ ድራይቨር መፈለግ ነው። ብዙ ሰው እዚህ ላይ ይጠፋል፤ ቁልፉ ላይ «አላዲን» ይላል፣ አላዲን የሚባል ድርጅት ግን አሁን የለም። የእስራኤሉ አላዲን ከሴፍኔት ጋር ተቀላቀለ፣ ሴፍኔትን ጀማልቶ ገዛው፣ ጀማልቶን እ.ኤ.አ. በ2019 የፈረንሳዩ ታሌስ ገዛው። ድራይቨሩ ዛሬ ታሌስ ገጽ ላይ «ሴንቲኔል ራንታይም» በሚል ስም ነው ያለው፣ በነፃ። ከሌላ ገጽ እንዳታወርጂ።

መጀመሪያ ቁልፉን ንቀዪ። ድራይቨሩን ጫኚ። ላፕቶፑን አጥፍተሽ አስነሺ። ከዚያ ቁልፉን ስኪ። መብራቷ ከበራች ድራይቨሩ አውቋታል ማለት ነው። ብሮውዘር ላይ ሎካልሆስት፣ ሁለት ነጥብ፣ 1947 ብለሽ ብትገቢ ቁልፉ ተዘርዝሮ ታዪዋለሽ።

ሐይቅ ዳር | ታኅሣሥ 5፣ ጠዋት 5:02

ይሄ ሁሉ ጣጣ ለምን? ቴሌግራም ላይ ክራኩ አለ። ቁልፍ ምናምን አያስፈልገውም። ልላክልሽ?

ክርና መርፌ | ታኅሣሥ 5፣ ጠዋት 5:15

@ሐይቅ ዳር ያንን «ክራክ» እኔ ጭኜው አውቃለሁ። ወልድያ ነኝ፣ እኔም ጥልፍ ነው የምሠራው። መጀመሪያ «አንቲቫይረሱን አጥፋ» ይላል። አጠፋሁ። በሁለተኛው ቀን ዲዛይኖቼ ሁሉ ስማቸው ተቀይሮ፣ አልከፈት ብለው፣ አንድ ጽሑፍ ብቻ ቀረ፤ በቢትኮይን ክፈል የሚል። እኔ ቢትኮይን ከየት ላምጣ? የስድስት ዓመት ሥራ ሄደ።

ሐይቅ ዳር | ታኅሣሥ 5፣ ጠዋት 5:17

በስመአብ። ይቅር።

አባ ዲስኬት | ታኅሣሥ 5፣ ቀን 8:40

ልጆቼ፣ ጡረታ ወጥቼ ኮምቦልቻ ፀሐይ ስሞቅ ነው ያነበብኳችሁ። ፋብሪካ ውስጥ ኮምፒውተር ክፍል ብዙ ዓመት ሠርቻለሁ። ስለ ቁልፏ ትንሽ ልበል።

ሰዎች ቁልፏ ውስጥ የይለፍ ቃል ብቻ የተቀመጠ ይመስላቸዋል። የጥንቶቹ እንደዚያ ነበሩ ማለት ይቻላል። የዚቺ ልጅ ዓይነቷ ግን ውስጧ ትንሽ ኮምፒውተር አለ። ፕሮግራሙ የተመሰጠረ ነገር ይልክላታል፣ እሷ ፈትታ ትመልሳለች። ምስጢሩ ከውስጧ አይወጣም። ምስጠራው ኤኢኤስ የሚባለው፣ 128 ቢት ነው። ስለዚህ «ፋይሏን ገልብጬ ሌላ ፍላሽ ላይ ላድርግ» የሚባል ነገር የለም። ፍላሽ አይደለችም።

ልጄ፣ ሁለተኛ ነገር። ላፕቶፑ ጎን ላይ ቀጥታ አትሰኪያት። አጭር የዩኤስቢ ማራዘሚያ ግዢ። ቁልፏ ወጥታ ስትቆም አንድ ሕፃን፣ አንድ መጥረጊያ፣ አንድ ክርን ይበቃታል። በእጄ ላይ ሁለት ተሰብረውብኛል። አንዷን ባለሙያ መልሶ በየዳት። ሌላዋ ቦርዷ ተሰንጥቃ ቀረች።

ጦሳ ሥር | ታኅሣሥ 5፣ ምሽት 1:05

ጋሼ፣ ዕድሜ ይስጥልን። ማራዘሚያ ገዝቻለሁ።

በራች! ቀይ መብራቷ በራች። 1947 ላይም ታየች። እናቴ እልል አለች።

ግን ደስታችን አልቆየም። ፕሮግራሙ ይከፈታል፣ «ቁልፍ አልተገኘም» ማለቱን ትቷል። አዲስ ዲዛይን ጀምሬ የክር ቀለም መምረጫውን ስነካው ግን ዝም ብሎ ይዘጋል። ኮምፓቲቢሊቲ ሞድ ላይ ኤክስፒን መርጬ ሞከርኩ፤ ያው ነው።

ሰኞ ገበያ | ታኅሣሥ 5፣ ምሽት 1:30

አሁን ችግሩ የቁልፏ አይደለም። ፕሮግራሙ ራሱ ነው በዊንዶውስ 11 የተደናገጠው። ስለዚህ ኤክስፒን ላፕቶፑ ውስጥ እናስገባለን። ቨርቹዋል ማሽን ይባላል፤ ኮምፒውተር ውስጥ ያለ ሌላ ኮምፒውተር በይው።

ነገ በዝርዝር እጽፋለሁ፤ አሁን የቤት ሰዎች እየጠሩኝ ነው።

ቦርከና 25 ፒን | ታኅሣሥ 5፣ ምሽት 2:20

ከጉዳዩ ሳልወጣ ልጠይቅ። ኮምቦልቻ ነኝ፣ ሰርቬየር። የኔ ቁልፍ ዩኤስቢ አይደለም። ያ የድሮው የፕሪንተር ሶኬት ላይ የሚገባው ነው፣ 25 ፒን። ከዩኤስቢ ወደ ፕሪንተር የሚቀይረውን ገመድ ገዛሁ። ፕሪንተሩን ያሠራል፣ ቁልፉን ግን አያየውም። ገመዱ ተበላሽቶ ነው?

አባ ዲስኬት | ታኅሣሥ 5፣ ምሽት 3:00

አልተበላሸም ልጄ፣ ተታለህ ነው። ያ ገመድ ከፕሪንተር ጋር መነጋገር ብቻ ነው የሚያውቀው። የአንተ ፕሮግራም ደግሞ ቁልፉን የሚፈልገው በቀጥታ የኮምፒውተሩ በር ላይ ነው። የበሩ አድራሻ አብዛኛውን ጊዜ 378 ነው፣ በሄክስ። ዩኤስቢው ያንን አድራሻ አያውቀውም። ፕሮግራሙ ቤቱን በአድራሻ ብቻ እንደሚያውቅ ሰው ነው፣ አንተ ግን ሌላ ሰፈር ወስደህ አቆምከው።

ዴስክቶፕ ላይ የሚሰካ የፓራለል ካርድም፣ ማለትም የፕሪንተር ሶኬት ያለው፣ አለ። እሱም ብዙ ጊዜ ሌላ አድራሻ ይይዛል። የቁልፉ ድራይቨር አድራሻ መቀየር ከፈቀደ ይሠራል፣ ካልፈቀደ አይሠራም። የተሻለው ይሄ ነው፤ ትንሽ ቆየት ያለ ዴስክቶፕ ፈልግ። ብዙዎቹ ማዘርቦርዶች ከኋላ የፕሪንተር ሶኬት ባይኖራቸውም ከውስጥ ግን በሁለት ረድፍ የቆሙ ፒኖች አሏቸው፤ ቦታው 26 ሆኖ አንዱ የጎደለ። አጠገቡ «ኤልፒቲ» ይላል። ለሱ የሚሆን ገመድ ከነሶኬቱ ይሸጣል። እሱ እውነተኛው 378 ነው። ባዮስ ውስጥ፣ ኮምፒውተሩ ሲነሳ በሚከፈተው ቅንብር፣ ገብተህ የሶኬቱን አሠራር ከኢሲፒ ወደ ኖርማል ቀይረው፤ አንዳንድ የድሮ ቁልፍ ኢሲፒ ላይ ይቃዣል።

ስለ ድሮ ካነሳን አንድ ላጫውታችሁ። የዕቃ ግምጃ ቤት ፕሮግራም ነበረን፣ በዶስ የሚሠራ፣ በፓስካል የተጻፈ። አዲስና ፈጣን ኮምፒውተር መጣልን። ሰክተን ስንከፍተው «ራንታይም ኤረር 200» ብሎ ይሞታል። ቁልፉን ጠረጠርን። ዲስኬቱን ጠረጠርን። ሁለት ቀን ለፋን። ለካ ፕሮግራሙ ሲነሳ የማሽኑን ፍጥነት ይለካ ኖሯል። ማሽኑ ከመጠን በላይ ፈጣን ስለሆነ ሒሳቡ ፈነዳበት። ፈጣን በመሆኑ ብቻ! ከዚያ ወዲህ አዲስ ዕቃ ሲመጣ ቀድሜ አልደሰትም።

ክርና መርፌ | ታኅሣሥ 6፣ ጠዋት 2:15

@ጦሳ ሥር አንድ ጥያቄ። ለምን እዚህ አሮጌ ፕሮግራም ላይ ሙጭጭ ትያለሽ? እኔ ከዚያ አደጋ በኋላ ኢንክስቲች ነው የምጠቀመው። ነፃ ነው፣ በሥዕል መሥሪያው ኢንክስኬፕ ላይ ይሠራል፣ የጥልፍ ማሽን የሚያነበውን ፋይል፣ ዲኤስቲን፣ ያወጣል። ማሽንሽ ዲኤስቲ ካነበበ ከዚያ ወዲያ ምን ትፈልጊያለሽ?

ጦሳ ሥር | ታኅሣሥ 6፣ ጠዋት 3:40

ወንድሜ፣ ኢንክስቲችን ሞክሬዋለሁ፣ ጥሩ ነው። ለአዲስ ሥራ እጠቀምበታለሁ። ችግሬ የአባቴ ዲዛይኖች ናቸው። የአንገት፣ የደረት፣ የእጅጌ፣ የነጠላ ጥለት፣ የካባ መስቀሎች። አብዛኞቹ በፕሮግራሙ በራሱ ፋይል ነው የተቀመጡት። በሌላ ፕሮግራም አይከፈቱም።

ዲኤስቲውማ የአንዳንዶቹ አለኝ። ግን አንተም ታውቀዋለህ፣ ዲኤስቲ መርፌው የት እንደሚወጋ ብቻ ነው የሚያውቀው። «ይሄ አበባ ነው፣ ይሄ ሳቲን ነው» አይልም። የ38 ቁጥር ቀሚስ አንገት ለ46 ላስፋው ብል ክሩ ይሳሳል፣ ጨርቁ በመሐል ይታያል። ባጠበው ደግሞ ይደራረብና መርፌ ይሰብራል። በዋናው ፋይል ግን መጠኑን ስቀይር ፕሮግራሙ ስፌቱን ራሱ እንደገና ያሰላዋል። ሙሽሮች ደግሞ ሁሉም አንድ ቁጥር አይለብሱም።

ክርና መርፌ | ታኅሣሥ 6፣ ጠዋት 3:55

እሱስ ልክ ነሽ። ዲኤስቲ ቀለም እንኳ አይዝም፣ «እዚህ ጋ ቁም» ብቻ ነው የሚለው። ለአንድ ስፌት ሦስት ባይት፣ አንድ እርምጃ ቢበዛ 12.1 ሚሊ ሜትር። ከዚያ በላይ አያውቅም። እኔ ዋናዎቹን ስላጣሁ ነው የማላዝን ለማስመሰል የምጥረው።

ሰኞ ገበያ | ታኅሣሥ 6፣ ቀን 6:20

ምሳ ላይ ነኝ፣ ቃሌን ልፈጽም። ቀስ ብለሽ አንብቢው።

መጀመሪያ ዲስኩ። አሮጌው አይዲኢ ነው፣ ባለ ሰፊው ሪባን። ከአይዲኢ ወደ ዩኤስቢ የሚቀይር ዕቃ አለኝ፣ መጥተሽ ውሰጂ። ምንም ነገር ሳትከፍቺ ክሎንዚላ በሚባለው የዲስክ መገልበጫ ፕሮግራም ሙሉ ቅጂውን ውጫዊ ሃርድ ዲስክ ላይ አውጪ። ከዚያ በኋላ የምትነኪው ቅጂውን ነው።

«ያንኑ ዲስክ ቨርቹዋል ማሽን ውስጥ ላስነሳው» ትይ ይሆናል። ሞክሪው፣ ግን አትመኚበት። ኤክስፒ የለመደው ማዘርቦርድ ስላጣ ብዙ ጊዜ ሰማያዊ ስክሪን ያመጣል፣ 7ቢ በሚል ቁጥር። ያ ከመጣ አትታገዪው። አዲስ ኤክስፒ ጫኚ፣ ፕሮግራሙን ከሲዲው ጫኚ፣ ዲዛይኖቹን ብቻ ገልብጪ።

ቨርቹዋል ማሽኑን የሚያስኬደውን ፕሮግራም፣ ቨርቹዋልቦክስን፣ ከራሱ ገጽ አውርጂ። ከዚያ በፊት ባዮስ ውስጥ ቨርቹዋላይዜሽን መብራቱን እዪ። ለኤክስፒው 512 ሜጋባይት ራም ይበቃዋል፤ የዛኔ እንኳ ይሄን ያህል የነበረው ጥቂት ሰው ነው። የዩኤስቢው ቅንብር ላይ 1.1 ወይም 2.0 ምረጪ፤ 3.0 እንዳትነኪ፣ ኤክስፒ አያውቀውም። እዚያው ፊልተር የሚል አለ፤ ቁልፉን ጨምሪበት። ቬንደር አይዲው 0529 ሆኖ ይቀመጣል። ከዚያ ማሽኑ ሲነሳ የቁልፏ መብራት አንዴ ትጠፋለች። አትደንግጪ፣ ከዊንዶውስ 11 ወጥታ ወደ ኤክስፒው እየገባች ነው። ውስጥ ደግሞ ያ የድሮው የሲዲው ድራይቨር ነው የሚያስፈልጋት። ውጭ የተጣለው ውስጥ ንጉሥ ነው።

ታች ጥግ ላይ የኤሊ ምልክት ካየሽ የዊንዶውስ የራሱ ቨርቹዋል ማሽን አስኪያጅ፣ ሃይፐርቪ፣ መሐል ገብቷል ማለት ነው፤ እንደ ስሟ ትንቀራፈፋለች። ለጥልፍ ፕሮግራም ግን ብዙም አይከፋም።

አንድ ነገር አደራ፤ የውስጡን ኤክስፒ ኔትወርክ ቁረጪው። ድጋፉ ከቆመ እ.ኤ.አ. ከ2014 ጀምሮ ነው። ፋይል በፍላሽ አመላልሺ፤ ፍላሹንም ልክ እንደ ቁልፏ ወደ ውስጥ ታሳልፊዋለሽ።

የመርሳ ልጅ | ታኅሣሥ 6፣ ቀን 9:10

ሕግ ስለምማር ጣልቃ ልግባ። ሰው ሁሉ «ቅጂ ማውጣት ሌብነት ነው?» ይላል። በእኛ አገር የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 የኮምፒውተር ፕሮግራም ቅጂ በሕጋዊ መንገድ የያዘ ሰው ዋናው ቢጠፋ ወይም ቢበላሽ የሚተካበት አንድ ቅጂ እንዲያወጣ ይፈቅዳል። ስለዚህ የሲዲሽን ምስል ማስቀመጥ አያሳስብሽም። ቁልፉን በሌላ ፕሮግራም ማስመሰል ግን ሌላ ጉዳይ ነው፤ የሌላ ሰውን ፕሮግራም ያለ ክፍያ መክፈትም እንደዚያው።

አሜሪካኖቹ ራሱ ተቸግረውበታል። የኮንግረስ ቤተ መጻሕፍታቸው ኃላፊ እ.ኤ.አ. በ2003፣ ቀጥሎም በ2006 እና በ2010፣ ቁልፉ ተበላሽቶ ምትክ ለማይገኝለት ፕሮግራም የተለየ ፈቃድ ሰጥቶ ነበር። የሚሠራ ቁልፍ ላለው ግን አይደለም። ያንቺ ቁልፍ ደግሞ ይሠራል።

ሐይቅ ዳር | ታኅሣሥ 6፣ ቀን 9:20

ስለ ክራኩ አሁንም እየተነገረኝ ነው መሰል።

ጦሳ ሥር | ታኅሣሥ 9፣ ምሽት 4:00

ሦስት ቀን የጠፋሁት እየታገልኩ ነው።

ሰኞ ገበያ ጋር ሄጄ አስማሚውን ወሰድኩ። ዋጋ አልቀበል አለኝ፣ እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ዲስኩ ሲነሳ ትንሽ ያንቋርራል። ቅጂው ሲወጣ ሌሊቱን ሙሉ ቁጭ ብዬ ጠበቅኩት፤ መብራት እንዳይሄድ እየለመንኩ። ላፕቶፑ ባትሪ አለው፣ አሮጌው ዲስክ ግን በሶኬት ነው። አንዴ ሄደ። እንደገና ጀመርኩ። ንጋት ላይ አለቀ።

እንዳልከኝ 7ቢ መጣ። አልታገልኩም። የአሮጌውን ኮምፒውተር የኤክስፒ ሲዲ ተጠቅሜ ቨርቹዋል ማሽኑ ውስጥ አዲስ ጫንኩ። ቁልፏን አሳለፍኩ። መብራቷ ጠፋች፣ ልቤም አብራ ጠፋች፣ ከዚያ በራች።

ኤክስፒው ሲነሳ ያ አረንጓዴ ኮረብታ ያለበት ሥዕሉ መጣ። እናቴ ቡና እያፈላች ነበር። ቀና ብላ አየችውና «የአባትሽ ኮምፒውተር ተሠራ?» አለች። ላፕቶፕ ውስጥ መሆኑን ላስረዳት ብሞክር አልገባትም። «ዋናው መምጣቱ ነው» አለችና አቦሉን ቀዳችልኝ።

የክር መምረጫው አይዘጋም። የአባቴን የደረት መስቀል ከፍቼ ከ40 ወደ 44 አሰፋሁት። ስፌቱን ራሱ አሰላው። ዲኤስቲ አውጥቼ በፍላሽ ወደ ማሽኑ ወሰድኩ፤ ቁራጭ ጨርቅ ላይ ሰፋሁት። አንድ ቦታ ክር በጠሰ፣ እሱ ግን የማሽኑ ነው።

ከ1,400 በላይ ዲዛይን አለ። ጥር ካለፈ በኋላ አንድ በአንድ ዲኤስቲውንም አወጣለሁ። ለሁሉም ነገር።

አባ ዲስኬት | ታኅሣሥ 9፣ ምሽት 4:30

ጎበዝ። ዲኤስቲ ብቻ አይበቃም፤ የእያንዳንዱን ሥዕል በቀለም አትመሽ ዶሴ ውስጥ አስቀምጪ፣ የክሩን ቁጥር ከጎኑ በእጅሽ ጽፈሽ። ወረቀት ድራይቨር አይጠይቅም።

የቨርቹዋል ማሽኑንም ሙሉ ፎልደር ገልብጪው። ላፕቶፑ ነገ ቢሞት ሌላ ላፕቶፕ ላይ ፎልደሩን አስቀምጠሽ፣ ቁልፏን ሰክተሽ፣ ሥራ ትቀጥያለሽ። ያቺን ሦስት ቀን ደግመሽ አትከፍያትም።

ሰኞ ገበያ | ታኅሣሥ 10፣ ጠዋት 3:15

ጋሼ ያሉትን ዛሬውኑ አድርጊው። ነገ አትበይ።

ለሌሎቻችሁም። ዕቃችሁ ገና እየሠራ ያለ ካለ አሁን ኑ፣ ከሞተ በኋላ አይደለም። ለአምራቹም ጻፉ። አንዳንዱ የድሮውን ቁልፍ ተቀብሎ በቅናሽ ወደ አዲሱ ይቀይራል። የመለያ ቁጥሩና ደረሰኙ ግን በእጃችሁ ይኑር።

@ቦርከና 25 ፒን አንተስ ምን ደረስክ?

ቦርከና 25 ፒን | ታኅሣሥ 10፣ ጠዋት 3:40

አንድ ዴስክቶፕ አገኘሁ፣ የቢሮ ዕቃ ሲሸጥ። ከፍቼ አየሁት፤ ጋሼ ያሉት ፒን አለ፣ «ኤልፒቲ» ይላል። ገመዱን ነው ያጣሁት። ኮምቦልቻ ላይ የጠየቅኩት ሁሉ «ምንድነው እሱ?» ይለኛል።

ሰኞ ገበያ | ታኅሣሥ 10፣ ጠዋት 3:44

ከድሮ ዕቃ የፈታሁት አንድ አለኝ መሰለኝ። ቅዳሜ ና። ግን የፒኑን አደራደር በስልክህ ፎቶ አንሥተህ ና፤ ሁሉም ቦርድ በአንድ ዓይነት አይሸምነውም። ባለፈው አንዱ ሳያይ ወስዶ ተመልሶ መጥቷል፣ ከባቲ ድረስ።